ከጊቤ ማዶ ተዋናይ፣ ከጊቤ ወዲህ ጃንጥላ ጠጋኝ

ጋሽ ተማም ሞቱ ተብሎ ሲደወልልኝ ከአፌ የወጣው ጥያቄ «በየትኛው ፊልም ላይ?» የሚል ነበር። የደወለችልኝ ልጃቸው ፋጡማ ናት። ሳቀች። ሳቋ ሳያልቅ ወደ ለቅሶ ተለወጠ። «ደጀኔ፣ የአሁኑ የእውነት ነው» አለችኝ።

እንዲያ ያልኩት ንቄ አይደለም። ጅማ ውስጥ ጋሽ ተማም ሲሞቱ ያላየ ሰው አልነበረም። በአንዱ ፊልም መኪና ገጭቷቸዋል። በሌላው ሆስፒታል ተኝተው፣ ለዋናው ተዋናይ ምሥጢር ሊነግሩት አፋቸውን ሲከፍቱ ትንፋሻቸው ቆሟል። በአንዱማ ፊልሙ ሳይጀመር ሞተው ስለነበር የተወኑት በፎቶግራፍ ብቻ ነው፤ ግድግዳ ላይ ተሰቅለው ልጆቻቸው በውርስ ሲጣሉ ያያሉ። ለዚያች ፎቶግራፍ ብለው አዲስ አበባ ድረስ ሄደዋል። «ስነሳ ልጆቼን እንደታዘብኩ ሆኜ ነው የተነሳሁት፤ ልብ ብለህ እየው» ይሉኝ ነበር። ልብ ብዬ ሳየው እውነትም የታዘቡ ይመስላሉ።

ለቅሶ ቤቱም እንደዚያው ሆነ። ጊንጆ ጉዱሩ ሰፈር፣ ግቢያቸው ውስጥ በተጣለው ድንኳን የተቀመጠ ሁሉ እንባውን እየጠረገ ይጀምርና «ያ ፊልም ላይ እኮ» ብሎ ወደ ጨዋታ ይገባል። ዱዓ ያደረጉት ሼኽ ሳቅ ለለቅሶ ቤት እንደማይገባ በለሆሳስ አሳሰቡ። ወዲያው አንዱ የፎቶግራፉን ነገር ሲያነሳ ግን እሳቸውም ጋቢያቸውን ወደ አፋቸው ሳብ አደረጉ።

እኔ ያወቅኳቸው ቦሳ አዲስ ሰፈር ቪዲዮ ቤት በነበረኝ ዘመን ነው። ፊልም በሲዲ የምናከራይበት፣ ቅዳሜና እሁድ ደግሞ አግዳሚ ወንበር ደርድረን የምናሳይበት ጊዜ ነበር። የእሳቸው የሥራ ቦታ የእኔ ቤት በረንዳ ነው፤ የተሰበረ ጃንጥላ ይጠግናሉ። የጅማን ዝናብ የሚያውቅ ያውቀዋል፤ ጃንጥላ የሌለው ሰው ራቁቱን እንደወጣ የሚቆጠርበት አገር ነው። ክረምት ሲሆን በረንዳው ላይ ጥቁር ጃንጥላዎች ተዘቅዝቀው ይሰቀሉና ቤቴ የሌሊት ወፍ የሰፈረበት ዋሻ ይመስላል።

ሁለቱ ሥራዎቻቸው የማይጋጩት በዚሁ በዝናቡ ምክንያት ነበር። ክረምት ፊልም የሚቀርጽ የለም፤ ያኔ ጃንጥላ ይሰበራል። በጋ ጃንጥላ የሚያሠራ የለም፤ ያኔ ደግሞ አዲስ አበባ ፊልም ይቀረጻል። መስቀል አልፎ ሰማዩ ሲጠራ ጋሽ ተማም ግራጫ ኮታቸውን ለብሰው በጠዋቱ አውቶቡስ ይሄዳሉ፤ ኮልፌ እህታቸው ዘንድ ያርፋሉ። ከተጠሩ ይሠራሉ፣ ካልተጠሩም ቀረጻ ያለበት ቦታ ሄደው ይቆማሉ። «ጊቤን ስሻገር ተዋናይ ነኝ» ይሉ ነበር። «ስመለስ ተዋናዩን እዚያው ድልድዩ ላይ አውርጄው እመጣለሁ። ሚስቴ ዘሀራ እሱን ሰውዬ አትወደውም።»

ነገሩ የጀመራቸው በወጣትነታቸው፣ በቀበሌ ኪነት ነው። ለዘፋኝነት ተመልምለው ድምፃቸው እንቢ ሲል ድራማው ውስጥ ከተቷቸው። በዚያው ለከፋቸው። ከብዙ ዓመት በኋላ አዲስ አበባ ፊልም እንደ አሸን ሲፈላ ጊዜ፣ ፀጉራቸው ገብስማ ሆኖ፣ ጺማቸውን ተላጭተው ሄዱ።

የመጀመሪያው ፊልማቸው ሲወጣ ሰፈሩን ሁሉ እኔ ቤት ጠርተው አሳዩ። ፊልሙ ከዳር እስከ ዳር ታይቶ አለቀ፤ ማንም አላያቸውም። እንድመልሰው ጠየቁኝና አንድ ቦታ ላይ አስቆሙኝ። ሁለት ፍቅረኞች ምግብ ቤት ተቀምጠው ያወራሉ፤ ከጀርባቸው ግማሽ ጆሮና ማንኪያ የያዘ እጅ ይታያል። «ኤጋ፣ እንግዲህ ያውና» አሉ። አንዱ ጎረምሳ ያ እጅ የእርሳቸው ለመሆኑ ማስረጃ ጠየቀ። ጋሽ ተማም አልተቀየሙም። «ሻዩን እንዴት እንደማማስል እይ» አሉት። «ሰውዬው ሚስቱን ቀጥሮ ቀርታበት ነው። ስኳሩ ከሟሟ ቆይቷል፤ እሱ ግን አላወቀም።» ከዚያ ወዲህ ያንን ፊልም ባየሁ ቁጥር ፍቅረኞቹ የሚሉት አይሰማኝም፤ የሚያሳዝነኝ ያ ሚስቱ የቀረችበት ሰው ነው።

ሥራቸውን እንዲህ ነበር የሚይዙት። አንድ ጊዜ ዳኛ ሆነው እንዲሠሩ ተነገራቸውና ጃንጥላቸውን ትተው ችሎት መግባት ጀመሩ። ከኋላ ተቀምጠው ዳኛውን ሲያዩ ይውላሉ፤ ዳኛው ሲያስሉ ያስላሉ፣ ዳኛው መነጽራቸውን ሲያወልቁ እጃቸው ወደ ዓይናቸው ይሄዳል። ዳኛው ታዝበው ኖሮ አንድ ቀን ጉዳያቸው ምን እንደሆነ ጠየቋቸው። ጋሽ ተማም ተነሥተው፣ ጉዳይ እንደሌላቸውና የሚያዩት እርሳቸውን እንደሆነ በትሕትና አስረዱ። ዳኛው ወንበራቸው ላይ ተስተካክለው ቀና አሉ ይባላል። ፊልሙ ሲወጣ ዳኛ ሆነው የተናገሩት አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው፤ «ችሎቱ ይነሣል» አሉና ተነሡ። ግን ጅማ ሙሉ የትኛውን ዳኛ እንደሠሩ ለየ።

ባለቤታቸው፣ በሰፈሩ አጠራር አዴ ዘሀራ፣ ፊልም አያዩም። ቤታቸው በር ላይ ሎሚና ዝንጅብል የሚሸጡ፣ ጥቂት ተናግረው ብዙ የሚሰሙ ሴት ነበሩ። አንድ ጊዜ ብቻ እኔ ቤት መጡ። ጋሽ ተማም በፊልም ሌላ ሚስት አገቡ የሚል ወሬ ደርሷቸው ነው። ከፈትኩላቸው። የፊልሟን ሚስት ወጥ ስታማስል ቆመው አዩና ማማሰያውን እንዲህ የምትይዝ ሴት ቤት ባላቸው ውሎ እንደማያድር ተናግረው ወጡ። ጋሽ ተማም ይህን ሲሰሙ ለቀናት ሳቁ።

በእነዚህ ባልና ሚስት መካከል የቆየች አንዲት ነገር ግን ነበረች። የፋጡማ ኒካህ በጋ ላይ ዋለ። ጋሽ ተማም አዲስ አበባ ቀረጻ ላይ ነበሩ፤ ነገ ያልቃል እየተባለ ሲራዘም፣ ዛሬ እመጣለሁ ነገ እመጣለሁ ሲሉ ቀኑ ደረሰ። በስልክ ወንድማቸውን ወኪል አደረጉ። ፋጡማ በአጎቷ ተዳረች። የባሰው ደግሞ፣ በዚያን ቀን የተቀረጹት የሙሽራ አባት ሆነው ነው። ፊልሙ ውስጥ የማያውቋትን ሙሽራ ግንባሯን ስመው እንባ ያፈሳሉ። ያ እንባ የተዋናይ እንዳልነበረ እኔ አውቃለሁ፤ አዘጋጁ ግን በጣም አመስግኗቸዋል። ሲመለሱ አዴ ዘሀራ ምሳ አቀረቡላቸው፣ ስለ መንገዱ ጠየቋቸው፣ ስለ ኒካሁ አንድም ቃል አላነሡም። ጋሽ ተማም ትንሽ ጠብቀው፣ ነገሩ አለፈ ብለው ወደ በረንዳቸው ተመለሱ።

ከዚያ ትልቁ ጥሪ መጣ። አንድ ወጣት አዘጋጅ የዘበኛ ገጸ ባሕርይ ሰጣቸው። የጀርባ ሰው አይደለም፤ ከፊልሙ መጀመሪያ እስከ መጨረሻው የሚታይ፣ ስሙ ፖስተር ላይ የሚወጣ ዘበኛ። ሳይሞትም ያልቃል። ወሬው አወቱ መንደራ ሰፈር ድረስ ተሰማ። የማያውቋቸው ሰዎች ሳይቀሩ ጃንጥላ ይዘው እየመጡ እንኳን ደስ አለዎ ይሏቸው ጀመር። ሊሄዱ ሲሉ ዘመዱ ሁሉ ዱዓ አደረገላቸው፤ እኔም መናኸሪያ ድረስ ሸኘኋቸው።

ሳምንት ሳይሞላ ተመለሱ። ሥራው ተላለፈ ብለው ለሰፈሩ ነገሩ። የሆነውን ለእኔ ያወጉኝ ከቀናት በኋላ፣ አንድ ጃንጥላ ሽቦውን እያቃኑ ነው። ዘበኛው ከጅማ የመጣ ሰው ነው፤ ሰውን የሚያስቀው አማርኛውን እየሰባበረ ነው። ጋሽ ተማም ቃላቸውን በራሳቸው አማርኛ ሲያነቡ አዘጋጁ፣ ጋሼ ይሰብሩት፣ ይበልጥ ይሰብሩት ይላቸዋል። ትንሽ ሞከሩ። ከዚያ ወረቀቱን አስቀመጡና ነገሩት።

«ልጄ፣ እኔ ከእናቴ ጋር በኦሮምኛ አወራለሁ፣ ካንተ ጋር በአማርኛ፣ ከአላህ ጋር በዐረብኛ። ሦስት በር ያለው ቤት አንዱ በር ሲንቋቋ አንድ በር ብቻ ያለው ሰው ከሳቀ፣ ምን ይባላል?»

አዘጋጁ ክፉ ልጅ አልነበረም። ተመልካች የሚመጣው ለመሳቅ እንደሆነ አስረዳቸው። እሳቸውም ለማሳቅ ችግር እንደሌለባቸው ነግረውት፣ እዚያው ተነሥተው ዘበኛውን በራሳቸው መንገድ ሠሩት፤ ሁለት ቋንቋ ስለሚያውቅ በግቢው ውስጥ የሚወራ ምሥጢር የማያመልጠው፣ ምንም እንዳልሰማ የሚመስል ብልጥ ዘበኛ። ክፍሉ ውስጥ የነበሩት ሁሉ ሳቁ። ገንዘቡን ያወጣው ሰው ግን የተጻፈው ይሠራ አለ። ጋሽ ተማም ኮታቸውን ለብሰው ወጡ።

ፊልሙ በሌላ ተዋናይ ተሠርቶ ወጣ፤ እኔ ቤትም መጣ። ቅዳሜ ከሰዓት ቤቱ ሞልቶ ሰው ሲስቅ ጋሽ ተማም በረንዳ ላይ ቁጭ ብለው ይሠሩ ነበር። ግድግዳው ሣንቃ ስለሆነ ሁሉም ይሰማቸዋል። ወጥቼ አጠገባቸው ቆምኩ። እሳቸው ጃንጥላውን ዘርግተው ወደ ብርሃኑ እያዩ፣ «ልጁ ጎበዝ ነው። እናቱ ጅማ ብትሆን ኖሮ ግን እንዲያ አይናገርም ነበር» አሉ። ከዚያ በኋላ ለሁለት በጋ አዲስ አበባ አልሄዱም። አዴ ዘሀራ ሎሚያቸውን ሊገዛ ለሄደ ሰው፣ ሰውዬው ቤት መዋል እንዳበዛና እንዳልለመዱት ሲናገሩ ሰምቻለሁ። ደስ ያላቸው አይመስሉም ነበር።

ዓመታት አለፉ። የእኔ ቪዲዮ ቤት የስልክ ዕቃ መሸጫ ሆነ፤ ፊልም በፍላሽ መጫን፣ ከዚያም እሱ ቀርቶ የስልክ መስታወት መለጠፍ ያዝኩ። አንድ ቀን አንዲት ወጣት ሴት መጥታ የጃንጥላ ሠሪውን ተዋናይ ጠየቀችኝ። ሜሮን ትባላለች። ያን ጊዜ ጋሽ ተማም ዘበኛውን ሠርተው ባሳቁበት ክፍል ውስጥ የአዘጋጁ ረዳት ሆና ወረቀት ይዛ ቆማ የነበረች ናት። አሁን የራሷን ፊልም ልትሠራ ነው፤ ከአጋሮ ወጣ ብሎ ባለ የቡና መንደር። ከሴት ልጁ ጋር ለዓመታት የተኳረፈ ቡና ገበሬ፤ ዋናው ሰው እሱ ነው። ጋሽ ተማም የያዙትን ጃንጥላ ሳያስቀምጡ ሰሟት። ሰውዬው በምን ቋንቋ እንደሚናገር ብቻ ጠየቋት።

«እርስዎ እንደሚናገሩት» አለቻቸው።

ደስታው ገና ሳይበርድ ፍርሃቱ መጣ። ዕድሜያቸውን ሙሉ በአንድ በሁለት ዓረፍተ ነገር ነው የኖሩት። አሁን ሽማግሌው ልጁን ይቅርታ የሚጠይቅበት ረጅም ንግግር አለ። ያንን ንግግር ለማጥናት ያልሆኑት የለም። በረንዳ ላይ ለእኔ ይሉታል፤ ቤት ለአዴ ዘሀራ ይሉታል። ባለቤታቸው ዝንጅብል እየላጡ በአንድ ጆሮ ይሰማሉ። ጋሽ ተማም በንጋት፣ ከፈጅር ሶላት በኋላ ጓሮ ወጥተው ለኮባው ይሉታል። ሁልጊዜ መሀል ላይ አንድ ቦታ ይጠፋባቸዋል፤ ሁልጊዜ እዚያችው ቦታ ላይ።

በቀረጻው ቀን እኔም ሱቄን ዘግቼ አጋሮ ሄድኩ። ቡና ተለቅሞ በማስጫው አልጋ ላይ የተሰጣበት ወቅት ነው። ልጃቸው ሆና የምትሠራው ተዋናይት በአንድ በኩል ቆመች፣ ጋሽ ተማም በሌላ በኩል። ግንባራቸው ላይ ላብ አየሁ። ካሜራው ተነሣ። አፋቸውን ሲከፍቱ ዝናብ ወረደ፤ ያለ ወቅቱ፣ ያለ ማስጠንቀቂያ፣ እኛ አገር እንደሚያደርገው።

የአዲስ አበባ ልጆች ወደ ካሜራቸው ሮጡ፤ መንደርተኛው ወደ ቡናው ሮጠ። ጋሽ ተማም ከመንደርተኛው ጋር ናቸው። ፊልሙንም፣ ንግግሩንም ረስተው የቡናውን መሸፈኛ ላስቲክ ጎትተው አልጋው ላይ ይዘረጋሉ፤ በወዲያ በኩል የሚይዝላቸው ሰው የለም። ተዋናይቷ ምን እንደምታደርግ ግራ ገብቷት ቆማለች። «ያዢ፣ ኢንተላ ኮ» ብለው ጮኹባት፤ ኢንተላ ኮ ልጄ ማለት ነው። ሮጣ ያዘች። ሁለቱ በዝናቡ ውስጥ ላስቲኩን እያጠበቁ፣ እሳቸው በኦሮምኛ እያዘዟት፣ እሷ ከአነጋገራቸው እየገመተች፣ ቡናውን ሸፈኑ። ሲጨርሱ በስብሰው ተያዩና ሳቁ። እሳቸው በእጃቸው ጀርባ ከፊቷ ላይ ውኃውን ጠረጉላት፤ ልክ ለፋጡማ እንደሚጠርጉላት። ካሜራማኑ አልሮጠም ነበር። ሁሉንም ቀርጾታል።

ዝናቡ ካባራ በኋላ ንግግሩንም ቀረጹ። ጋሽ ተማም በስንት ሙከራ፣ እዚያች ቦታ ላይ እየተደናቀፉ ተወጡት። ሜሮን ፊልሙን ስትጨርስ ግን ደውላ አረዳቻቸው፤ የዝናቡ ይበቃል፣ እሱ ካለ ንግግሩ አያስፈልግም፣ አውጥቼዋለሁ አለች። በሕይወቴ እንዲያ ሲቆጡ አላየሁም። በረንዳው ላይ ወዲያና ወዲህ እያሉ፣ «ወላሂ ደጀኔ፣ ኮባው እንኳ በቃሉ ያወቀውን ቆርጣ ጣለችው» ይላሉ። አሥር ፊልም ላይ አፌን ዘግቼ ኖሬ፣ አፌን የከፈትኩ ዕለት ቆረጡኝ ይላሉ። እኔ ሳቄን መያዝ አቃተኝ፤ እሳቸውም ትንሽ ቆይተው አብረውኝ ሳቁ።

ፊልሙ ጅማ የታየው እሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። አዳራሹ ሞላ። ከአጋሮ የቡናው መንደር ሰዎች በሚኒባስ መጡ። አዴ ዘሀራ ከፋጡማ ጋር ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጡ፤ አዳራሽ ገብተው ፊልም ሲያዩ ገና ማየታችን ነው። የዝናቡ ጊዜ ሲደርስ ከመንደሩ የመጡት «ያዙት፣ ያዙት፣ ነፋስ እንዳይወስደው» እያሉ ከወንበራቸው ተነሡ። ጋሽ ተማም የልጅቷን ፊት ሲጠርጉላት ግን ፋጡማ የእናቷን ትከሻ ተደግፋ አቀረቀረች።

መብራቱ በርቶ ጭብጨባው ሲያልቅ ሜሮን ጋሽ ተማምን መድረክ ላይ ጠርታ አንድ ነገር እንዲሉ ማይክሮፎኑን ሰጠቻቸው። አልሐምዱሊላህ አሉ። ሕዝቡን አመሰገኑ። ከዚያ ሜሮንን ቀና ብለው አዩና፣ ከፊልሙ የቀረ ነገር ስላለ ከፈቀደች እንደሚሉት ተናገሩ። እሷ ፊቷን በእጇ ሸፍና ሳቀች።

ጀመሩት። ትከሻቸው ሲወርድ አየነው፤ ቡና ገበሬው ሆኑ። «ልጄ፣ በሩን የዘጋሁት እኔ ነኝ። ዘግቼም ማን ዘጋው እያልኩ ስጠይቅ ኖርኩ። ለሰው ልጅ ሠርግ በልቻለሁ፣ ለሰው ልጅ መርቄአለሁ። አንቺ የፈለግሽኝ ቀን ግን አጠገብሽ አልነበርኩም።»

እዚያ ላይ ቆሙ። ያችው ቦታ ናት። አፋቸው ተከፍቶ ቀረ፤ ዓይናቸው ጣሪያ ጣሪያውን ይፈልጋል። አዳራሹ ጠበቀ። ላስታውሳቸው ብል እኔም ጠፋብኝ።

ከሦስተኛው ረድፍ የአዴ ዘሀራ ድምፅ መጣ። ከወንበራቸው አልተነሡም፤ ሎሚ ሲመዝኑ በሚናገሩበት ድምፅ ነው የተናገሩት። «‹ዝም አልሽ› ነው የሚለው። ‹ዝም አልሽ፤ ዝምታሽን ይቅርታ መሰለኝ።›»

ሰው ሁሉ ሳቀ። ጋሽ ተማም አልሳቁም። ከገበሬው ወጡ፤ ሲወጡ ታዩኝ። ወደ ሦስተኛው ረድፍ ዞሩና ማይክሮፎኑን ከአፋቸው አወረዱት።

«ዝም አልሽ» አሉ። «ዝምታሽን ይቅርታ መሰለኝ።»

የቀረውን ለእሳቸው ብቻ ነው ያሉት። ከኋላ የተቀመጥነው ብዙውን አልሰማንም፤ ሳቁም ቀስ በቀስ ቆመ። ሲጨርሱ እንደ ሌላው ጊዜ ጎንበስ ብለው እጅ አልነሡም፤ እጃቸውን አጣምረው ቆመው ጠበቁ። አዴ ዘሀራ ሻሻቸውን አስተካከሉ፣ ፋጡማን አንድ ጊዜ አዩ፣ ከዚያ ወደ መድረኩ ቀና አሉ።

«በቃ፣ ሰምቻለሁ» አሏቸው። «ና፣ ውረድ።»

ጋሽ ተማም ማይክሮፎኑን ለሜሮን መልሰው ወረዱ።